ቦሌ ላይ መኪና በክሪፕቶ? ለአንድ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ከስልክ ወደ ስልክ ሲዞር የነበረ አንድ ጽሑፍ አለ። የአዲስ አበባ የቅንጡ መኪና ሻጮች ክሪፕቶ፣ ማለትም እንደ ቢትኮይን ያለ ዲጂታል ገንዘብ፣ መቀበል ይጀምሩ የሚል ነው። ላላነበበው ሰው ባጭሩ ልንገረው። ፌራሪና ቴስላ ቢትኮይን ተቀብለው መኪና ሸጠዋል። እኛ ጋ ዶላር ችግር ነው፣ ባንክ ያጉላላል፣ ደላላ ያታልላል። ስለዚህ ከቦሌ እስከ ካዛንቺስ ያሉት ሾውሩሞች ቢትኮይንና ዩኤስዲቲ (ዋጋው ከዶላር ጋር የታሰረ ክሪፕቶ) ቢቀበሉ አስመጪውም ገዢውም ይገላገላሉ። ሕጉም አይከለክልም፤ መንግሥት ራሱ ቢትኮይን ለሚያወጡ ማሽኖች መብራት እየሸጠ አይደል? ካልፈጠንን ዓለም ጥሎን ይሄዳል። ጽሑፉ ይኸው ነው።

አጻጻፉ ጥሩ ነው። መልስ ያስፈለገውም ለዚህ ነው። እኔ የምኖረው የመኪና አስመጪዎችን ሂሳብ እየሠራሁ ነው። ጽሑፉን ከፍቶ «ይሄ ነገር ያዋጣል?» የሚለኝ ደንበኛ እየበዛ ነው። ስለዚህ ነጥብ በነጥብ ልሂድበት፤ አንዳንዱ ላይ ግን ብዙ አልቆይም።

ከፌራሪ እንጀምር። ፌራሪ እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2023 አሜሪካ ውስጥ በክሪፕቶ መሸጥ መጀመሩ እውነት ነው። በ2024 ደግሞ ወደ አውሮፓ ለማስፋት ወስኗል። ጸሐፊው ያለፉት ነገር ገንዘቡ የሚሄድበትን መንገድ ነው። ፌራሪ ሲጀምር መሃል ላይ ያስቀመጠው ቢትፔይ የሚባል ድርጅት አለ። ገዢው ክሪፕቶውን (ቢትኮይን፣ ኢተርየም ወይም ዩኤስዲሲ) የሚልከው ለቢትፔይ ነው። ቢትፔይ ወዲያው ወደ ዶላር ይለውጥና ለሻጩ ያስገባል። ሻጩ ቢትኮይን በእጁ አይዝም። ማታ ቢወድቅ፣ ጠዋት ቢነሳ አያገባውም። ገንዘቡ የወንጀል ወይም የግብር ስወራ ገንዘብ አለመሆኑን የማጣራቱን ሥራም ፌራሪ የሰጠው ክፍያውን ለሚያስተላልፈው ድርጅት ነው። ፌራሪ ዞሮ ዞሮ የሚያገኘው የለመደውን ገንዘብ ነው።

አሁን ይህንን ወደ ቦሌ አምጡት። መሃል ላይ የሚቆመው ማን ነው? ከደንበኛ ክሪፕቶ ተቀብሎ፣ ምንጩን አጣርቶ፣ ለሻጩ አካውንት ብር የሚያስገባ ፈቃድ ያለው ድርጅት አገራችን ውስጥ የለም። ቦታው ባዶ ነው። ባዶ ቦታ ደግሞ ባዶ ሆኖ አይቀርም፤ ቴሌግራም ላይ «ዩኤስዲቲ እገዛለሁ፣ እሸጣለሁ» የሚለው ልጅ ይገባበታል። የፌራሪን ስም ጠርተን የምናመጣው ነገር እንግዲህ እሱን ነው።

በነገራችን ላይ የፌራሪ ምሳሌ ራሱ ለእኛ ብዙም አይሠራም። ከ2016 ዓ.ም. ጥር ጀምሮ የትራንስፖርትና ሎጂስቲክስ ሚኒስቴር በኤሌክትሪክ ከሚሠራ አውቶሞቢል በስተቀር ወደ አገር እንዳይገባ ማለቱ ይታወቃል። የቤንዚን ፌራሪ በቢትኮይንም ሆነ በወርቅ ቢከፈል በዚህ ሕግ አይገባም።

ቴስላ ጋ ስንመጣ ጽሑፉ «ቴስላ ቢትኮይን ተቀብሏል» ይልና ነጥብ ያደርጋል። ቀጥሎ የሆነውን አይናገርም። ቴስላ እ.ኤ.አ. ማርች 24 ቀን 2021 ጀመረ፣ ሜይ 12 ላይ አቆመ። ሁለት ወር እንኳን አልሞላውም። የቴስላ ኃላፊ ኤሎን መስክ የሰጡት ምክንያት የቢትኮይን ማይኒንግ፣ ማለትም በኮምፒውተር ቢትኮይን የማውጣቱ ሥራ፣ የሚበላው የድንጋይ ከሰል ነው። በዚያች አጭር ጊዜ ውስጥ ዋጋው ምን እንደሠራ ደግሞ ተመልከቱ። ኤፕሪል አጋማሽ ላይ አንድ ቢትኮይን ከ64 ሺህ ዶላር በላይ ደርሶ ነበር። ሜይ 19 ላይ ወደ 30 ሺህ ወረደ። በ2022 ሁለተኛ ሩብ ዓመት ቴስላ ከያዘው ቢትኮይን 75 በመቶውን ሸጦ ወደ ጥሬ ገንዘብ መለሰው።

እኔ ከሁሉም የገረመኝ የቴስላ የሽያጭ ውል ነው። መኪናው ተመላሽ ከሆነ ቴስላ እንደ ፍላጎቱ ወይ የተከፈለውን ቢትኮይን፣ ወይ በግዢው ቀን የነበረውን የዶላር ዋጋ መመለስ ይችላል ይል ነበር። ቢትኮይን ከወደቀ ቢትኮይኑን ይመልሳል፣ ከወጣ ዶላሩን። አደጋው በሙሉ ገዢው ላይ ነው። ይህን ያረቀቁት የታወቁ ጠበቆች ናቸው። እኛ ጋ ቢመጣ ውሉን የሚያረቅቀው ማን እንደሆነ ታውቁታላችሁ፤ ከውልና ማስረጃ በር ላይ ካሉት ጸሐፊዎች አንዱ ነው።

የድሮም ታሪክ አለ። በዲሴምበር 2013 ካሊፎርኒያ ያለ «ላምቦርጊኒ ኒውፖርት ቢች» የሚባል መሸጫ አንድ ቴስላ በ91.4 ቢትኮይን ሸጧል። ያኔ 100 ሺህ ዶላር ገደማ ነበር። በ2024 መጨረሻ ቢትኮይን ከ100 ሺህ ዶላር ሲያልፍ፣ ያ 91.4 ቢትኮይን ከ9 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሆነ። እንዲህ ይወጣል ብሎ የሚያምን ሰው መኪና አይገዛበትም። ይወድቃል ብሎ የሚፈራ ሻጭ ደግሞ አይቀበለውም። ለግብይት የሚመች ገንዘብ እንዲህ አይደለም።

ጸሐፊው ይህን ሳያውቁት አልቀሩም፤ «ለዚህ ነው ዩኤስዲቲ ያልኩት» ይላሉ። ዩኤስዲቲ ከዶላር ጋር የታሰረ ስለሆነ አይዋዥቅም ነው ነገሩ። ከቢትኮይን ይሻላል፣ እሺ። ግን ይህም የአንድ የግል ድርጅት ቃል ነው። አውጪው ቴተር ከፈለገ አንድን ዋሌት (የክሪፕቶ ቦርሳ) ማገድ ይችላል፤ አግዶም ያውቃል። ሌላ ድርጅት የሚያወጣው፣ እንደ ዩኤስዲቲ ከዶላር ጋር የታሰረው ዩኤስዲሲ እ.ኤ.አ. በማርች 2023 ሲሊከን ቫሊ ባንክ ሲወድቅ ገንዘቡ ከፊሉ እዚያ ስለነበር ለአጭር ጊዜ ከ90 የዶላር ሳንቲም በታች ወርዷል። ኋላ ተመለሰ። በዚያ ቅዳሜ መኪና የሸጠ ሰው ግን ቅዳሜውን እንዴት እንዳሳለፈ እሱን ጠይቁት።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ፤ ወደ ዶላሩ። የጽሑፉ ልብ ያለው እዚህ ነው። «ክሪፕቶ የውጭ ምንዛሪ ችግርን ይፈታል» ይላል። ብዙ ሰው የሚያምነውም ይህን ነው።

እስቲ ገንዘቡን እንከተለው። ሜክሲኮ አካባቢ ሱቅ ያለው አንድ ነጋዴ እንውሰድ። ሀብቱ ያለው በብር ነው፤ ሱቅ፣ ቤት፣ ባንክ ውስጥ ያለ ብር። ፌራሪን በክሪፕቶ የሚገዙት አሜሪካውያን ከፊሉ ሀብታቸውን ያፈሩት በራሱ በክሪፕቶ ነው፤ ፌራሪም በሩን የከፈተው ለነሱ ጭምር መሆኑን ተናግሯል። የእኛ ነጋዴ ግን በመጀመሪያ በብሩ ዩኤስዲቲ መግዛት አለበት። ገዝቶ ለመኪና ሻጩ ይልካል። መኪና ሻጩስ? ለሠራተኛ ደሞዝ፣ ለቤት ኪራይ፣ ለገቢዎች የሚከፍለው በብር ነው። ስለዚህ ዩኤስዲቲውን መልሶ በብር ይሸጣል። ብር ወደ ዩኤስዲቲ፣ ዩኤስዲቲ ወደ ብር። በሁለቱም መንገድ ላይ አንድ ሰው ትርፍ ይይዛል። ለምሳሌ መኪናው 10 ሚሊዮን ብር ቢሆንና በእያንዳንዱ ልውውጥ 2 በመቶ ቢጠፋ፣ 400 ሺህ ብር ገደማ መንገድ ላይ ቀረ። ለምን ሲባል? ባንኩ ውስጥ የነበረው ብር ባንኩ ውስጥ ለመመለስ።

«የለም፣ ሻጩ ዩኤስዲቲውን ለሚቀጥለው መኪና ማስመጫ ይጠቀምበታል» ይሉ ይሆናል። ጽሑፉም ይህን ይጠቁማል። እዚህ ላይ ሁለት ግድግዳ አለ። አንደኛው ጉምሩክ ነው። ዕቃ ሲገባ ክፍያው በባንክ በኩል መፈጸሙን የሚያሳይ ሰነድ ይጠየቃል፤ ኤልሲ፣ ሲኤዲ ወይም ቲቲ የሚባሉት የባንክ ክፍያ መንገዶች። ከባንክ ውጭ በተገኘ ገንዘብ የሚመጣው ፍራንኮ ቫሉታ ይባላል፤ እሱም የራሱ ፈቃድና ገደብ አለው። «በዋሌት ከፈልኩ» የሚል ሳጥን ዲክላራሲዮኑ ላይ የለም። ሁለተኛው ግድግዳ ቻይና ናት። ዛሬ አዲስ አበባ ከሚገቡት የኤሌክትሪክ መኪኖች ብዙዎቹ ከዚያ ነው የሚመጡት። የቻይና ማዕከላዊ ባንክ ደግሞ እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 2021 የክሪፕቶ ግብይትን በሙሉ ሕገወጥ ብሎታል። ታዲያ ፋብሪካው ዩኤስዲቲውን እንዴት ይቀበላል? አንድ ሦስተኛ ሰው፣ ምናልባት ዱባይ ያለ፣ ወደ ዶላር ይለውጥለታል። አሁንም ዶላር ነው የተፈለገው። ክሪፕቶው ዶላር አልወለደም።

እንዲያውም ወደ ኋላ ሂዱና ያ ዩኤስዲቲ ከየት እንደመጣ ጠይቁ። አብዛኛውን ጊዜ ታሪኩ አንድ ነው። ዋሽንግተን ወይም ዱባይ ያለ ወገን ለቤተሰቡ ሊልክ ያሰበውን ዶላር እዚያው ለአንድ ሰው ይሰጣል፤ እዚህ ቤተሰቡ ብር ይቀበላል። ዶላሩ ዩኤስዲቲ ሆኖ ይቀመጣል። ያ ዶላር በባንክ ቢመጣ ኖሮ ለመድኃኒትም፣ ለማዳበሪያም፣ ለመኪናም ኤልሲ ይከፈትበት ነበር። ስለዚህ የቅንጡ መኪና ገበያው ዩኤስዲቲ በፈለገ ቁጥር ያንኑ ዶላር ከባንክ ደጃፍ ይስበዋል። እጥረቱን ፈታ ከምንል ቦታ ቀየረ ብንል ይሻላል።

ጽሑፉ የሚያማርረው ዘመንም በከፊል አልፏል። ጥቅምት 2015 ላይ 38 ዓይነት ዕቃዎች ኤልሲ እንዳይከፈትላቸው ሲታገዱ አውቶሞቢል አንዱ ነበር። ያኔ በኦፊሴል ዋጋና በጥቁር ገበያው መካከል የነበረው ልዩነት ሰማይና ምድር ነበር። ከሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. በኋላ ብር በገበያ ዋጋ እንዲተመን ተደረገ፤ የኤልሲ እገዳውም ተነሳ። ዶላር ከ57 ብር ገደማ ተነስቶ በወራት ውስጥ ከእጥፍ በላይ ሄደ። ያማል። ወረፋው ጠፋ፣ ባንኩ ሁሉ እንደ ልብ ሆነ፣ ባንክ የሚጠይቀው ኮሚሽንም ቀረ አልልም። ነገር ግን ዛሬ አስመጪው ዶላር የሚያጣው በዋጋ እንጂ በእገዳ አይደለም። ዋጋን ደግሞ ክሪፕቶ አይቀንስም።

ስለ ሕጉ ጸሐፊው «ግልጽ ክልከላ የለም» ብለዋል። አለ። ብሔራዊ ባንክ በ2014 ዓ.ም. ባወጣው መግለጫ በአገር ውስጥ የሚደረግ ማንኛውም ክፍያ በብር መሆን እንዳለበት፣ ክሪፕቶን ለክፍያ መጠቀም ሕገወጥ እንደሆነ ተናግሯል። ጸሐፊው የሚጠቅሱት በዚያው ዓመት ነሐሴ ላይ የኢንፎርሜሽን መረብ ደህንነት አስተዳደር በክሪፕቶ ሥራ ላይ ያሉ ሁሉ ይመዝገቡ ማለቱን ነው። እዚህ ጋ ትንሽ እውነት አላቸው፤ አንዱ መሥሪያ ቤት «ሕገወጥ» ሲል ሌላው «ተመዝገቡ» ሲል ሰው ግራ ይጋባል። መንግሥት ራሱ አደናግሯል። ግን ተመዝገቡ ማለት መኪና ሽጡበት ማለት አይደለም።

የመብራቱ ነገርም ያው ነው። የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ኃይል ለማይኒንግ ድርጅቶች ኃይል ይሸጣል፤ አብዛኞቹ የቻይና ናቸው፣ የሚከፍሉትም በውጭ ምንዛሪ ነው። ማሽኑ የሚያወጣው ቢትኮይን የባለቤቶቹ ነው፤ ቦሌ መንገድ ላይ አይወርድም። አገሪቱ የሸጠችው መብራት ነው።

«ፈጣን ነው፣ ማጭበርበር የለበትም» የሚለው ነጥብ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ሰው የሚጎዳው እዚህ ነው።

አዲስ አበባ ውስጥ ውድ መኪና እንዴት እንደሚሸጥ የሸጠ ያውቀዋል። ቀብድ ይሰጣል። ሊብሬው ይታያል። ዕዳና እገዳ ይጣራል። ውል ይፈረማል። ገዢው ሲፒኦ አሠርቶ ይመጣል። ስም ይዞራል። አሰልቺ ነው፣ አልክድም። አንዱ ቢሮ ሲስተም የለም ይላል፣ ሌላው ምሳ ሰዓት ደረሰ ይላል። ግን ሲፒኦውን ልብ በሉት። ባንኩ ገንዘቡን ከገዢው አካውንት አስቀድሞ ይዞታል፤ ስለዚህ ሻጩ «ስንቅ የለውም» ተብሎ አይመለስም። የተጻፈው በሻጩ ስም ስለሆነ ሌላ ሰው አይመነዝረውም። ሊብሬው ላይ ያልታሰበ እገዳ ቢገኝ ደግሞ ገዢው ወረቀቱን ባንክ መልሶ ገንዘቡን ያገኛል። ጸሐፊው መጓተት ያሉት ነገር ሁለቱንም ወገን የሚጠብቅ አጥር ነው።

ክሪፕቶ አንዴ ከተላከ አይመለስም። የቢትኮይን ብሎክ፣ ማለትም ግብይቶች የሚመዘገቡበት አንድ ገጽ፣ በአማካይ በ10 ደቂቃ ይወጣል፤ ጥንቁቅ ሻጭ ስድስት ብሎክ፣ ማለትም አንድ ሰዓት ገደማ ይጠብቃል። ከዚያ በኋላ አለቀ። በማግሥቱ መኪናው በፍርድ ቤት የታገደ ሆኖ ቢገኝ ገዢው ማንን ይጠይቃል? ብሎክቼይኑ (የብሎኮቹ መዝገብ) ላይ ያለው ከዚህ ዋሌት ወደዚያ ዋሌት የሚል መስመር ብቻ ነው። ስም የለበትም። የሰሌዳ ቁጥር የለበትም።

ከዚህ የሚብስ አለ። ሁላችንም የምናውቀው አንድ ልማድ አለ፤ ውሉ ላይ ትንሽ ዋጋ ጽፎ ቀሪውን በጎን መክፈል። ለግብር ሲባል ነው። ዩኤስዲቲ ሲገባ ይህ ልማድ ክንፍ ያወጣል። ውሉ 4 ሚሊዮን ይላል እንበል፤ 6 ሚሊዮኑ በዋሌት ሄዷል። ጉዳዩ ቢበላሽ ገዢው በሰነድ የሚያስረዳው 4 ሚሊዮኑን ነው። ለ6 ሚሊዮኑ ሕጉ የማያውቀውን ክፍያ ይዞ ዳኛ ፊት ሊቀርብ ነው። ከሳሽ ሆኖ ገብቶ ተጠያቂ ሆኖ የሚወጣበት ዕድልም አለ።

ሻጩም ቢሆን አይስቅ። «ዩኤስዲቲ» የሚል ስም ያለው ቶክን (ዲጂታል ሳንቲም) ማንም ሰው ሠርቶ መላክ ይችላል፤ ዋሌት ላይ ሲታይ ስሙም ቁጥሩም ያው ነው። ልዩነቱን ለማወቅ የቶክኑን ኮንትራት፣ ማለትም ያወጣውን ፕሮግራም፣ አድራሻ ማየት ያስፈልጋል። እስቲ ኡራኤል አካባቢ ካፌ ቁጭ ብሎ መኪና የሚያሻሽጥ ደላላ ይህን ያያል ወይ? «ገባ ገባ» ብሎ ቁልፉን ነው የሚያስረክበው። እውነተኛውን ዩኤስዲቲ ተቀብሎ በብር ሲሸጥ ደግሞ ብሩን የላከለት ሰው አካውንት የተሰረቀ ሊሆን ይችላል። ያን ጊዜ የሚታገደው የማን አካውንት ነው? የመኪና ሻጩ። ከነድርጅቱ ደሞዝ።

ጽሑፉ ስለ ሂሳብ አያያዝ አንድም ቃል የለውም። እኔን የሚያስቀኝም የሚያስለቅሰኝም ይህ ነው። የሽያጭ መመዝገቢያ ማሽኑ የሚያትመው በብር ነው። በየትኛው ሰዓት ዋጋ ላስገባው? በማን ተመን? አሜሪካ እንኳን ይህን ቀለል አድርጋ አልፈተችውም። የአገሪቱ ግብር ሰብሳቢ ከ2014 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ክሪፕቶን እንደ ንብረት ነው የሚያየው። በ10 ሺህ ዶላር የገዛኸው ቢትኮይን 60 ሺህ ደርሶ መኪና ብትገዛበት፣ በ50 ሺው ትርፍ ላይ ግብር አለብህ። መኪናውን ገዛሁ ስትል ቢትኮይንህን ሸጠሃል ትባላለህ። እዚያ ቢያንስ ሕጉ ተጽፏል። እዚህ ገቢዎች ቢጠይቀኝ የማሳየው መመሪያ የለኝም።

አንድ ነጥብ ላይ ግን ከጸሐፊው ጋር ነኝ። ውጭ ያለ ልጅ አዲስ አበባ ላሉ ወላጆቹ መኪና ልግዛ ሲል ገንዘብ የሚልክበት መንገድ ውድና አድካሚ ነው ብለዋል። እውነት ነው። የሐዋላ ክፍያው፣ የምንዛሪ ልዩነቱ፣ «ነገ ይምጡ»ው። ዩኤስዲቲን ተወዳጅ ያደረገው ቴክኖሎጂው ሳይሆን ይህ ምሬት ነው። ግን ለዚህ ሰው የሚሆነው መንገድ የዳያስፖራ የውጭ ምንዛሪ አካውንት ነው፤ አለ፣ በሥራ ላይ ነው፣ ክፍያውም በሰነድ ይቀራል። ባንኮቹ ይህን በደንብ ቢያስተናግዱት ኖሮ ጸሐፊው ከጽሑፋቸው ግማሹን ባልጻፉት ነበር። ወቀሳቸውን ወደዚያ ቢያዞሩት አብሬያቸው እጮሃለሁ።

የቀረው «ወደ ኋላ እንቀራለን» የሚለው ነው። ቴስላ በሜይ 2021 ቢትኮይን አልቀበልም ካለ በኋላ ሽያጩ አልቆመም። በዚያ ዓመት 936 ሺህ ገደማ መኪና አስረክቧል፤ ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት 500 ሺህ ገደማ ነበር።